ቴድ ፕራይስ ኢንሶምኒያክን ተሰናበተ፦ የስንብት ቃላችሁን እዚህ አኑሩ

ሌሊቱን_ሙሉ

ሰላም ለሁላችሁ። ኢንሶምኒያክ ጌምስ የተባለውን የቪዲዮ ጌም ስቱዲዮ የመሠረተውና እስከ 2025 የመራው ቴድ ፕራይስ በማርች 2025 መጨረሻ ወንበሩን አስረከበ። ጡረታ ሊወጣ መሆኑን ራሱ የነገረን በጃንዋሪ 2025 ነው። ከ30 ዓመት በላይ ከመራ በኋላ፣ አሁን ለሌሎች መንገድ የምለቅበት ጊዜ ደርሷል አለ። የገፋውም ያባረረውም የለም።

ስሙን የማታውቁ ሥራውን ታውቁታላችሁ። በ1994 ካሊፎርኒያ ውስጥ ብቻውን ጀመረ። ያኔ ድርጅቱ ኤክስትሪም ሶፍትዌር ነበር የሚባለው። ብዙም ሳይቆይ አሌክስ ሄስቲንግስ ተቀላቀለው፤ ከዚያም የአሌክስ ወንድም ብራያን። የመጀመሪያ ጌማቸው ዲስረፕተር በ1996 ወጣ። የተጫወቱት ወደዱት፤ የገዛው ሰው ግን ጥቂት ነበር። በ1998 ዘንዶው ስፓይሮ መጣና ሁሉ ነገር ተቀየረ። በ2002 ራቼት ኤንድ ክላንክ፣ በ2006 ሬዚስታንስ፣ በ2014 ሰንሴት ኦቨርድራይቭ፣ በ2018 ስፓይደር ማን። እዚህ ካለነው አብዛኞቻችን ቢያንስ አንዱን እስከ መጨረሻው ተጫውተናል።

እኔን ይህን ያስጻፈኝ ግን አወጣጡ ነው። መሥራች ሲሄድ ብዙ ጊዜ ቤቱ ይናጋል። ፕራይስ ተተኪዎቹን ከውስጥ አዘጋጅቶ ነው የወጣው። ቻድ ዴዘርን፣ ራያን ሽናይደርና ጄን ሁዋንግ ስቱዲዮውን በጋራ ይመራሉ። ዴዘርን የፈጠራውንና የጌም ሥራውን ይይዛል። ሽናይደር ከሶኒና እንደ ማርቭል ካሉ አጋሮች ጋር ያለውን ግንኙነት። ሁዋንግ ደግሞ ስትራቴጂውን፣ ፋይናንሱንና የውስጥ አስተዳደሩን። ሦስቱም የቤቱ የቆዩ ሰዎች ናቸው። ተረኛው ማን ይሁን የሚለውን ከ2024 ጀምሮ ከሶኒ ኃላፊዎች ጋር ሲመክርበት ነበር። በፈቃዱ፣ በሰላም፣ ወራሾቹን አሰናድቶ የሚወርድ መሪ ማየት ደስ ይላል።

እያንዳንዳችሁ የምትሉትን ጻፉ። ዓርብ ማታ ሰብስቤ ወደ እንግሊዝኛ እመልሰውና ለስቱዲዮው በይፋዊ ገጹ እልከዋለሁ። አማርኛውንም አብሬ።

የእኔ ይኸው፦ ቴድ፣ በልጅነታችን ስለሰጠኸን ደስታ ሁሉ እናመሰግናለን። ዕድሜና ጤና ይስጥህ።

ሐምራዊ_ዘንዶ

ይህን ክር ስለከፈትክ ተባረክ ወንድሜ። ስፓይሮ የኔ ነው፤ ስለ እሱ ልጻፍ።

የመጀመሪያውን ስፓይሮ ያላችሁ ክፈቱትና ከፍ ያለ ቦታ ላይ ቁሙ። ከዚያ አካባቢውን ቃኙት። ሩቅ ያለው ግንብ ይታያል። ከሱ ወዲያ ያለው ኮረብታም ይታያል። በዚያ ዘመን በፕሌይስቴሽን ዋን ይህ የሚታሰብ አልነበረም። ማሽኑ አቅም ስለሚያንሰው ብዙ ጌሞች ሩቁን በጭጋግ ይሸፍኑት ነበር። ጥቂት እርምጃ ትሄዳለህ፣ ዛፉ ከጭጋጉ ድንገት ብቅ ይላል።

አሌክስ ሄስቲንግስ የጻፈው ኢንጂን (ጌሙን የሚያንቀሳቅሰው ፕሮግራም) ሌላ መንገድ መረጠ። እያንዳንዱን ቦታ በሁለት መልክ ያስቀምጠዋል። ቅርብ ስትሆን ሙሉ ሥዕሉ ይመጣል፤ ድንጋዩ፣ ሣሩ፣ ጡቡ። ስትርቅ ያው ቦታ በጥቂት መስመርና በቀለም ብቻ ይሳላል። አንዱ ወደ ሌላው የሚለወጠው ቀስ ብሎ ስለሆነ ዓይንህ አይነቃም። ስለዚህ ዘንዶው ከግንብ አናት ዘሎ ክንፉን ሲዘረጋ፣ የሚያርፍበትን ቦታ ከላይ ታየዋለህ። መብረሩ ትርጉም ያገኘው በዚህ ነው።

ሙዚቃው ደግሞ «ዘ ፖሊስ» የተባለው የሮክ ባንድ ከበሮ መቺ የነበረው የስቱዋርት ኮፕላንድ ነው። ለልጆች ጌም እንዲህ ያለ ሰው መጋበዝ ራሱ የአክብሮት ምልክት ነው።

ሌላም ልጨምር። ብዙዎቻችን ያደግነው በተቀዳ ሲዲ ነው፤ ሠፈር ውስጥ ሌላ አይገኝም ነበር። በ2000 የወጣው ሦስተኛው ስፓይሮ የተቀዳ መሆኑን ካወቀ ወዲያው አይዘጋም። መጀመሪያ ዞዪ የምትባለው ተረት መጥታ ይህ ቅጂ የተነካካ ሊሆን ይችላል ብላ ትነግርሃለች። ከዚያ ዝም ብሎ ያጫውትሃል። እያደር እንቁዎች ይጠፋሉ፣ የሰበሰብከው እንቁላል ይጎድላል፣ ቋንቋው ሳታዘው ይቀየራል። መጨረሻ ላይ ከጠንቋይዋ ጋር ፍልሚያ ስትገጥም ወደ መጀመሪያው ዓለም ይመልስህና ሴቭ ያደረግከውን ያጠፋዋል። የጌሞችን የቅጂ ጥበቃ የሚሰብሩትን ሰዎች ከሁለት ወር በላይ አደከማቸው። በዚያ ዘመን ደግሞ ብዙ ጌም ገበያ ሳይደርስ ነበር የሚሰበረው። ጌሙን የሠሩት ሰዎች ጥበቃውን እንኳ እንደ አንድ ጨዋታ አድርገው አስበውበታል።

ቴድ፣ ከላይ ሆነን ሩቅ እንድናይ ስላደረጋችሁን ክብር ይስጥልን።

ቦሌ_ሚካኤል

ስፓይሮን የሠሩት እነሱ ናቸው? ስፓይደር ማንን ብቻ ነበር የማውቀው። ታዲያ ለምን ተዉት? ከሦስተኛው በኋላ ያሉት ጌሞች ጣዕማቸው ሌላ ነው።

ሐምራዊ_ዘንዶ

አዎ ሦስቱ የመጀመሪያዎቹ የእነሱ ናቸው፤ 1998፣ 1999፣ 2000። በየዓመቱ አንድ። ልዩነቱን በጆሮህና በዓይንህ ማወቅህ ደስ ይላል።

ባለቤቱ ግን ዩኒቨርሳል ነበር። ስቱዲዮው ሠራ እንጂ ስፓይሮ የሱ ንብረት አልነበረም። ዛሬ መብቱ በአክቲቪዥን በኩል ማይክሮሶፍት ዘንድ ነው። ደግሞ እነሱም ደክሟቸው ነበር። ስፓይሮ አራት እግር ያለው ዘንዶ ነው፤ እጅ የለውም፣ ምንም ነገር መያዝ አይችልም። ከሦስት ጌም በኋላ አዲስ ነገር ምን እናሠራው የሚለው ጥያቄ መልስ አጣ። ከዚያ እጅ ያለው ጀግና ፈለጉ። ቀጥሎ የመጣው ራቼት በእጁ የማይዘው ነገር የለም።

ጭራ_ያለው

ራቼት ሲነሳማ ዝም አልልም።

በመጀመሪያው ጌም ጠላትን ዶሮ የሚያደርግ መሣሪያ አለ። በሁለተኛው በግ የሚያደርግ። በ2007ቱ ደግሞ ግሩቪትሮን አለ፤ ትወረውረዋለህ፣ ከላይ የዲስኮ መብራት ይበራል፣ ሊገድልህ የመጣው ሁሉ መደነስ ይጀምራል። ግዙፉ ቦስ (ዋናው ከባድ ጠላት) ሳይቀር ይደንሳል። እያንዳንዱ ዓይነት ጠላት የራሱ ዳንስ አለው። ይህን አንድ ሰው ቁጭ ብሎ በእጁ ሠርቶታል። ማንም ባያስገድደውም ሠራው። የኢንሶምኒያክ ፍቅር ለእኔ እዚያ ውስጥ ነው ያለው።

ከራቼት በፊት ስለነበረው ጊዜም ብዙ ሰው አያውቅም። ስፓይሮን ከተዉ በኋላ ዱላ ስለያዘች ልጅ አንድ ጌም ጀምረው ነበር። ለወራት ሠሩት። ግን የሠራተኛው ልብ አልሞቀም፣ ሶኒም አላመነበትም። ተዉት። ያን ጊዜ ነው ብራያን ሄስቲንግስ ከፕላኔት ፕላኔት እየዞረ መሣሪያና ዕቃ የሚሰበስብ ፍጡር እንሥራ ያለው። የደከሙበትን ነገር ጥሎ መነሳት ለመሪ ከባድ ነው። ገንዘብ ወጥቶበታል፣ ሰው አምሽቶበታል። ፕራይስ ይህን ቻለ፤ እኛም ራቼትን አገኘን።

የ2021ዱን የራቼት ጌም ሪፍት አፓርትን የተጫወታችሁ ደግሞ ታውቁታላችሁ። አንዱን ዓለም በቀዳዳ አልፈህ ሌላው ዓለም ትገባለህ፣ ምንም የመጫኛ ስክሪን የለም። የፕሌይስቴሽን ፋይቭ ዲስክ ፈጣን መሆኑን ያመንኩት ያን ቀን ነው።

ጋሽ ቴድ (አዎ፣ ጋሽ ነው የምልህ፣ አሳድገኸኛልና) መልካም የዕረፍት ዘመን።

የሲልቨር_ስፕሪንግ_አባት

እኔ የድሮ ተጫዋች አይደለሁም። ጌም የገባኝ በልጄ ምክንያት ነው። ስለዚህ ከእናንተ የተለየ ነገር ልጽፍ ነው።

ልጄ ማይልስ ሞራሌስ የሚባለውን የስፓይደር ማን ጌም የጀመረው በወጣበት ዘመን፣ በ2020 መጨረሻ ላይ ነው። ሰው ቤቱ የተዘጋበት ጊዜ ነበር። ሶፋው ላይ አጠገቡ ቁጭ ብዬ አየሁ። ልጁ ማይልስ ከብሩክሊን ሃርለም የገባ ነው። አባቱ ሞቷል። እናቱ ሪዮ ፖርቶ ሪኳዊት ናት፣ ለከተማው ምክር ቤት ትወዳደራለች። የገና ዋዜማ ነው፣ እንግዳ እየመጣ ነው፣ ወጥ ቤቱ ተሟሙቋል። እናትየዋ ስፓኒሽ ጀምራ በእንግሊዝኛ ትጨርሳለች። ልጁ በእንግሊዝኛ ይመልስላታል። ማንም አያስተረጉምም፣ ማንም ቆሞ አያብራራም።

ልጄ ጆይስቲኩን እንደያዘ ዞር ብሎ «እንደ እኛ ቤት ነው» አለኝ።

እውነቱን ነው። እኛ ቤት እናቱ በአማርኛ ትጠራዋለች፣ እሱ በእንግሊዝኛ ይመልሳል፣ እራት በሁለቱም ይበላል። በዚህ አገር የሚያድግ ጥቁር ልጅ ጀግናው እሱን መስሎ፣ ቤቱም የሱን ቤት መስሎ ሲያይ ምን እንደሚሰማው ፊቱ ላይ አነበብኩት። እኔ በቃል ላስተምረው የምታገለውን ነገር ነው ያየው፤ በሁለት ቋንቋ መኖር እንደማያሳፍር።

አቶ ቴድ፣ ይህን ጌም እንዲሠሩ ሠራተኞችዎን የፈቀዱ መሪ ነዎትና ከአንድ አባት ምስጋና ይድረስዎ። ልጆችዎ ይባረኩ።

ሌሊቱን_ሙሉ

አባታችን፣ ይህ ሳይቆረጥ ነው የሚሄደው። ልጅዎን ሰላም ይበሉልን። እሱም የሚለው ካለ በእንግሊዝኛም ቢሆን ይጻፍ።

ሚዛን_ጠባቂ

ደስታችሁን ላበላሽ አልመጣሁም። እኔም ስፓይደር ማንን ሁለቱንም ጨርሻለሁ። ግን ስንብት ሲጻፍ ሁሉም ነገር ማር አይሁን።

በፌብሩዋሪ 2024 ሶኒ 900 ያህል ሰው ከሥራ ሲቀንስ ኢንሶምኒያክም ከተነኩት ስቱዲዮዎች አንዱ ነበር። ያን ጊዜ ስፓይደር ማን ቱ ከ10 ሚሊዮን ቅጂ በላይ ተሽጧል። የወጣው እኮ በኦክቶበር 2023 ነው፤ በመጀመሪያው 24 ሰዓት ብቻ 2.5 ሚሊዮን። እንዲህ የሸጠ ጌም የሠሩ ሰዎች ጌሙ ከወጣ አምስት ወር ሳይሞላ ቤታቸው ተላኩ። ትእዛዙ ከሶኒ እንደመጣ አውቃለሁ። ቢሆንም መሪው ፕራይስ ነበር። እነዚያም ሰዎች ስንብት ይገባቸዋል። ኬክ የተቆረሰላቸው አይመስለኝም።

ሁለተኛ፣ ጌም አንድ ሰው አይሠራም። ሐምራዊ ዘንዶ የጻፈው የአሌክስ ሥራ ነው፣ ጭራ ያለው የጻፈው የብራያን ሐሳብና የአኒሜተሮቹ ጉልበት ነው። ስማቸው ይጠራ።

ሌሊቱን_ሙሉ

ሚዛን፣ የጻፍከው ሁሉ ትክክል ነው። የተቀነሱትን በመልእክቱ ውስጥ እንጨምራለን፤ ሐሳቡ የአንተ ስለሆነ ያንን አንቀጽ አንተው ጻፈው።

በሁለተኛው ላይ ግን ልከራከርህ። እነ አሌክስና ብራያንን በአንድ ጣራ ሥር ለአሥርተ ዓመታት ማቆየት ራሱ ሥራ ነው። ስቱዲዮው በአሜሪካ ለሠራተኛ የሚመቹ መሥሪያ ቤቶች ዝርዝር ውስጥ ደጋግሞ የገባ ነው። ዴዘርን በ2009 የተከፈተውን የኖርዝ ካሮላይና ቅርንጫፍ እንዲመራ የተላከው ከቤቱ ነው፤ ዛሬ ደግሞ ከወራሾቹ አንዱ ነው። ሰው በቤቱ እንዲያድግ የሚያደርግ መሪ ኮድ ባይጽፍም ጌሙ ውስጥ አለ።

ቁልፍ_ሰባሪ

እኔ በሳይበር ደኅንነት ነው የምሠራው፤ ከሚዛን ሐሳብ ጋር የሚሄድ ነገር አለኝ። በዲሴምበር 2023 ስቱዲዮው ተጠልፎ ነበር። ራይሲዳ የሚባለው ቡድን 50 ቢትኮይን ጠየቀ፤ ያኔ 2 ሚሊዮን ዶላር ገደማ ነው። ሳይከፈለው ሲቀር ከ1.3 ሚሊዮን በላይ ፋይል ለቀቀ፣ 1.67 ቴራባይት። ገና ያላለቀው የወልቨሪን ጌም ብቻ ሳይሆን የሠራተኞች የግል መረጃ ሁሉ አደባባይ ወጣ። ፓስፖርት ሳይቀር።

በሙያዬ እንዲህ ያለ ነገር ሲደርስ ድርጅቶች ምን እንደሚያደርጉ አያለሁ። ብዙዎቹ ይደብቃሉ፣ ወይም ሠራተኛውን ረስተው ስለ አክሲዮን ያወራሉ። ኢንሶምኒያክ በዚያው ሳምንት ባወጣው መግለጫ መጀመሪያ ያነሳው ሰዎቹ የደረሰባቸውን ጉዳት ነው። ከዚያ ወልቨሪን እንደታቀደው ይቀጥላል አሉ። ቀጠሉም።

ያን ወር የተሸከመ ሰው ማረፍ ይገባዋል። ቴድ፣ እንቅልፍህ የሞላ ይሁን።

ፒክስሏ

አዲስ አበባ ውስጥ ጌም ከሚሠሩ ልጆች አንዷ ነኝ። ትንሽ ነን፤ አንዳንዴ ደሞዝ አለ፣ አንዳንዴ የለም። ስለዚህ የፕራይስን ታሪክ የማነበው በሌላ ዓይን ነው። እኔ የማየው ስቱዲዮው እስከ 2019 ድረስ ራሱን ችሎ መቆየቱን ነው። 25 ዓመት! በዚህ ሥራ ይህ በጣም ብርቅ ነው።

እንዴት ቆየ? ለሌሎች እየሠራ ነው፤ ንብረቱን ግን አልያዘም። ስፓይሮ የዩኒቨርሳል፣ ራቼትና ሬዚስታንስ የሶኒ። ጌሙ ቢሸጥም ገጸ ባሕርዩ የሌላ ሰው ነው። ይህን ለመለወጥ ብዙ ሞከሩ። ኦቨርስትራይክ የሚል ጌም በ2011 አሳይተው ነበር፤ ቀልድና ቀለም የሞላው። ከዚያ በሙከራ ተጫዋቾች አስተያየት መነሻነት መልኩን አክብደውት፣ ስሙንም ቀይረው በ2013 ፊውዝ ብለው አወጡት። ሰው አልወደደውም። ቀለሙ ጠፍቶበታል። ሰንሴት ኦቨርድራይቭን ለማይክሮሶፍት ሲሠሩ ግን መብቱን በእጃቸው አቆዩ። በዚያ ላይ በከተማው ጣራና ሽቦ ላይ መንሸራተት እንዴት ደስ እንደሚል እዚያ ተማሩ። በኋላ ስፓይደር ማን በኒው ዮርክ ሰማይ ላይ ሲወዛወዝ ያ እውቀት አብሮ ነበር። ስፓይደር ማን በሦስት ቀን 3.3 ሚሊዮን ተሸጠ።

ከዚያ ሶኒ በ229 ሚሊዮን ዶላር ገዛቸው። አንዳንዶች ርካሽ ነበር ይላሉ። እኔም ይመስለኛል። ምክንያቱም ገዢው ሕንጻውንና ሰዎቹን ነው የገዛው፤ ትልልቆቹ ገጸ ባሕርያት ቀድሞም የሌላ ነበሩ። ጌም መሥራት ለጀመራችሁ እህቶቼና ወንድሞቼ ይህን ልብ በሉ። ውል ስትፈርሙ የገጸ ባሕርዩ ባለቤት ማን እንደሆነ ጠይቁ። እኛ አገር ቅኔ ጌምስ «ኩኩሉ»ን ሲያወጣ ደስ ያለኝ አንዱ ምክንያት ይህ ነው። ዶሮዋም ሽሽቱም የራሳችን ነው።

ለፕራይስ የማመሰግንበት ሌላ ነገር አለኝ። ጌም ሜከርስ ኖትቡክ የሚል ፖድካስት ላይ እየቀረበ የሌሎች ስቱዲዮ ሰዎችን ያነጋግር ነበር። ተቀናቃኞቹን ጭምር። ስለ ራሱ ብዙ አያወራም፤ ይጠይቃል፣ ያዳምጣል። እዚህ የጌም ትምህርት ቤት በሌለበት ከተማ ለእኔ ትምህርት ቤት ሆኖኛል። ታክሲ ውስጥ በጆሮ ማዳመጫ ነው የተማርኩት።

ቴድ፣ ሳታውቀኝ አስተምረኸኛል። እግዚአብሔር ይስጥልኝ።

ቦሌ_ሚካኤል

ፒክስሏ፣ ያንን ፖድካስት ከየት ልጀምር? እኔም መማር እፈልጋለሁ።

ፒክስሏ

የምትወደውን ጌም የሠራ ሰው የቀረበበትን ፈልገህ ከእሱ ጀምር። ሁሉንም በተራ ለመስማት አትጨነቅ። የገባህንም ያልገባህንም ጻፍልኝ፣ አብረን እናያለን።

ሚኒሶታ_በረዶ

ከጌም ወጣ ያለ ነገር ነው፤ ግን መነሳት አለበት።

በጃንዋሪ 2017 የሰባት አገር ሰዎች ወደ አሜሪካ እንዳይገቡ ትእዛዝ ሲወጣ፣ ከሰባቱ ሦስቱ ሶማሊያ፣ ሱዳንና ሊቢያ ነበሩ። የእኛ አገር ስም አልነበረበትም። ግን እዚህ ጎረቤቴ ሶማሌ ነው፣ የሥራ ባልደረባዬ ሱዳናዊ ነው። ያን ሳምንት ሁላችንም ልባችን ተሰቅሎ ነው የሰነበትነው።

ያን ጊዜ ፕራይስ ሠራተኞቹን ከኋላው አሰልፎ ቪዲዮ አወጣ። ትእዛዙን እንደሚቃወሙ በግልጽ ተናገረ። የጌም ድርጅት ነው እኮ! ደንበኛ እንዳይቀየም ብሎ ዝም ማለት ይችል ነበር። ብዙዎች ዝም ብለዋል። አስተያየት መስጫው ላይ የተሰደበውን ስድብ አንብቤያለሁ። አላነሳውም።

እኔ ከዚያ በኋላ ነው ጌማቸውን መግዛት የጀመርኩት። ቴድ፣ ያን ቀን የቆምከውን አልረሳሁም።

ማንቸስተር_ነኝ

ሬዚስታንስን ማንም አላነሳውም ልበል? ከፕሌይስቴሽን ስሪ ጋር አብሮ የወጣ ጌም ነው። በ1951 እንግሊዝ በባዕድ ፍጡራን ተወራለች። በኢንተርኔት 40 ሰው በአንድ ጊዜ ይጫወት ነበር፤ በ2006! ያን ያህል ሰው በአንድ ሜዳ ላይ ሳይንተፋተፍ ማሯሯጥ ትልቅ ችሎታ ነው።

የእኛ ከተማ ካቴድራልም ጌሙ ውስጥ አለ፤ ውስጡ ጦርነት ይካሄድበታል። ቤተ ክርስቲያኗ በ2007 አጥብቃ ተቆጣች፣ ሶኒም ይቅርታ ጠየቀ። ካቴድራሉ አጠገብ ሳልፍ ሁለቱም ስሜት ይመጣብኛል። በዚህ ከተማ በመሣሪያ የሞቱ ወጣቶች አሉ፣ የቤተ ክርስቲያኗ ኃዘን ይገባኛል። ግን ያንን ሕንጻ ከየአቅጣጫው እንዲያ አድርጎ የሣለውን ሰው ዓይንም አደንቃለሁ።

መልካም ጡረታ፣ ቴድ።

ግራ_እጅ

የወንድሜን ቃል ነው የምጽፈው፤ እሱ መጻፍ ይከብደዋል።

ወንድሜ ቀኝ እጁ በደንብ አይታዘዝለትም። ድሮ አብረን ስንጫወት እሱ ያያል፣ እኔ እይዛለሁ። «አሁን ዝለል፣ አሁን ምታ» ይለኛል። ሪፍት አፓርት ሲወጣ ማስተካከያው ውስጥ ገባን። የጌሙን ፍጥነት መቀነስ ይቻላል፤ አንድ ቁልፍ ትነካለህ፣ ሁሉም ነገር ይዘገያል። ተጭኖ መያዝ የሚፈልገውን ቁልፍ አንዴ ነክቶ መተው ይቻላል። ጠላቶቹን በደማቅ ቀለም ለይቶ ማሳየትም አለ።

ወንድሜ በራሱ እጅ ጨረሰው። እኔ ነኝ አጠገቡ ቁጭ ብዬ ያየሁት። የመጨረሻው ቦስ ሲወድቅ እናታችን ከጓዳ ምን ሆናችሁ ብላ ሮጣ መጣች፣ ጩኸታችን ነዋ።

እንዲህ ይላል፦ ለቴድና ለዚያ ማስተካከያ ለደከሙት ሁሉ፣ ተራዬን ስለሰጣችሁኝ አመሰግናለሁ።

ጡረተኛው_መምህር

ልጆቼ፣ እንደምን ዋላችሁ። የልጅ ልጄ ነው አንብብ ብሎ ያሳየኝ። ስለ ጌም የማውቀው የለኝም። ስለ ጡረታ ግን አውቃለሁ።

ሰውዬው ጡረታ የወጣው ሥራው ሞቅ ባለበት ሰዓት ነው። ይህ ከባድ ነው። መጀመሪያ ላይ ጠዋት ይረዝማል። ስልክ አይጮህም። እኔ የረዳኝ ያስተማርኳቸው ልጆች መንገድ ላይ ሲያገኙኝ «ጋሼ» ብለው መጠየቃቸው ነው። ስለዚህ ይህ መልእክት አሁን ብቻ ሳይሆን ከዓመት በኋላም ይጻፍለት። ያኔ ይበልጥ ይፈልገዋል።

ለእሱ የምለው፦ የዘራኸውን የምታይበት ዕድሜ ይስጥህ። ወንበርህን የወረሱትን ፈጣሪ ያግዛቸው። ቤትህን ሰላም ያድርግልህ።

ሌሊቱን_ሙሉ

ጋሼ፣ አሜን። እርስዎ እንዳሉት በሚቀጥለው ዓመትም በዚሁ ወር ድጋሚ እንጽፋለን፤ ቀኑን ይዤዋለሁ።

እስካሁን የመጣውን መተርጎም ጀምሬያለሁ። የአባታችንን፣ የፒክስሏንና የግራ እጅን ወንድም ቃል ሙሉውን አስገብቻለሁ። ረጃጅሞቹን የጌም ትንታኔዎች ትንሽ አሳጥራለሁ፣ ሐምራዊ ዘንዶ ይቅር በለኝ። ጭጋጉን ግን አልነካውም። ሚዛን፣ አንቀጽህን እየጠበቅኩ ነው።

ሚዛን_ጠባቂ

ይኸው፦ «በ2024 ከሥራ ለተሰናበታችሁ የኢንሶምኒያክ ሰዎች። እጃችሁ ያረፈበትን ጌም ተጫውተናል። ስማችሁ በመጨረሻው ላይ ሲያልፍ ሳንዘጋ እናነባለን። ዛሬ የምትሠሩበት ቦታ ሁሉ ይቅናችሁ።»

ለቴድም አለኝ። ስለ ቅነሳው የጻፍኩትን አልሰርዝም። ግን ሠላሳ ዓመት ሙሉ ከአንድ ቡድን ጋር መቆየትህን አከብራለሁ። ደህና ሁን።

ጭራ_ያለው

ሌሊቱን፣ ግሩቪትሮኑን እንዳታወጣው። እና የሄስቲንግስ ወንድማማቾችን ስም ከላይ አድርግልኝ፣ ሚዛን እውነቱን ነው።

ሌሊቱን_ሙሉ

ግሩቪትሮኑ ሁለተኛው አንቀጽ ላይ አለ። አሌክስና ብራያን ከቴድ ቀጥሎ በስም ተጠርተዋል። ዓርብ ከምሽቱ ሦስት ሰዓት በፊት የምትጽፉ ሁሉ ትገባላችሁ።